አርማወር ሐንሰን፦ ከበርገን መዝገብ እስከ ዘነበወርቅ

ዘነበወርቅ ላይ ወራጅ አለ ብሎ ከታክሲ የወረደ የዲፓርትመንታችን ተማሪ ሁሉ የአለርትን አጥር ያውቀዋል። በዚያው ግቢ ውስጥ አርማወር ሐንሰን የሚል ስም የያዘ የምርምር ኢንስቲትዩት እንዳለም ያውቃል፤ ባጭሩ አህሪ እንለዋለን። ሰውየው ማን ነበር ተብሎ ቢጠየቅ ግን ብዙዎቻችን መልስ የለንም። እኔ ራሴ ኮልፌ ቀራንዮ ተወልጄ አድጌ፣ እስከ ሦስተኛ ዓመት ድረስ ለሆስፒታሉ ገንዘብ የለገሰ አንድ የፈረንጅ ነጋዴ ይመስለኝ ነበር። ለካ ነጋዴው አባቱ ኖሯል፤ እሱም የከሰረ።

ሰውየውን እንድፈልገው ያደረገኝ የማይክሮባዮሎጂ ኮርስ አልነበረም። ባለፈው ዓመት ለተግባር ልምምድ በወጣሁበት ሆስፒታል የተሰጠን ሥራ የመድኃኒት ቻርት ኦዲት ነበር። የሆስፒታሉን ስም ማንሳት አያስፈልግም፤ አለርት ግን አይደለም። በየጠዋቱ ዋርድ እየገባን የተኝቶ ታካሚዎችን ቻርት እናገላብጣለን፣ በተሰጠን ቅጽ ላይም ምልክት እናደርጋለን። የታካሚው ስምና የካርድ ቁጥር አለ ወይ? ክብደት ተጽፏል ወይ? የመድኃኒት አለርጂ ተጠይቋል ወይ? የመድኃኒቱ ስም፣ መጠን፣ መንገድ፣ በቀን ስንት ጊዜ፣ የተጀመረበት ቀን፣ ያዘዘው ሐኪም ስምና ፊርማ ይነበባል ወይ? ሁሉም ካለ ሙሉ ነጥብ ነው።

በሁለተኛው ሳምንት የኩላሊት ሕመም ያለባቸው አንዲት እናት ቻርት ደረሰኝ። ገጹ አዲስ ነበር። አሮጌው ገጽ ስለሞላ ሌሊት ተረኛ የነበረው ኢንተርን ወደ አዲስ ገልብጦታል፤ ጽሑፉም ደህና አድርጎ ይነበባል። እያንዳንዱን መስመር አይቼ ሙሉ ነጥብ ሰጠሁት፤ እንዲያውም ለጓደኞቼ እንዲህ ነው ቻርት ማለት ብዬ አሳየሁ። በሦስተኛው ቀን እኚያ እናት ደክሟቸው፣ እያስመለሳቸው፣ ትንንሾቹ ነጫጭ ኪኒኖች የት ሄዱብኝ ብለው ሲስተሯን ጠየቁ። ኪኒኖቹ ፕሬድኒሶሎን ናቸው። ለረጅም ጊዜ ሲወስዱት የቆዩትና ቀስ በቀስ እየተቀነሰ እንጂ በአንድ ጊዜ መቆም የሌለበት መድኃኒት ሲገለበጥ ተዘሏል። ሲስተሯ አሮጌውን ገጽ ከፎልደሩ ሥር ፈልጋ አወጣችው፣ መድኃኒቱ ተመለሰ፣ ሴትየዋም ዳኑ። የኔ ወረቀት ላይ ግን ያ ቻርት እስከ ዛሬ ሙሉ ነጥብ እንዳገኘ አለ። የቅጻችን ጥያቄ የተጻፈው በትክክል ተጽፏል ወይ የሚል ነበር፤ የጠፋ ነገር አለ ወይ ብሎ የሚጠይቅ መስመር አልነበረውም።

ይህን ለመምህራችን ስነግራቸው አልተቆጡኝም። የሰውን ስም ይዞ እስከ መጨረሻው የሚከተል መዝገብ ምን እንደሚመስል ማወቅ ከፈለግህ የጎረቤትህን ሰው ታሪክ አንብብ አሉኝ። ጎረቤቴ ያሉት አርማወር ሐንሰንን ነው።

ገርሃርድ ሄንሪክ አርማወር ሐንሰን እ.ኤ.አ. ሐምሌ 29 ቀን 1841 በኖርዌይ የወደብ ከተማ በበርገን ተወለደ። ለወላጆቹ ከአሥራ አምስት ልጆች ስምንተኛው ነው። የአባቱ ንግድ ስለከሰረ ትምህርቱን የተማረው እያስተማረና እየሠራ ራሱን ችሎ ነው። የዛሬዋ ኦስሎ ያን ጊዜ ክርስቲያኒያ ትባል ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1866 እዚያ በሐኪምነት ተመረቀ። ከዚያ ወደ ሰሜን ሎፎተን ወደሚባሉት ደሴቶች ሄዶ ለዓሣ አጥማጆች ሐኪም ሆነ። በ1868 ወደ ትውልድ ከተማው ተመልሶ በሥጋ ደዌ ሆስፒታሎች ተቀጠረ። ሥጋ ደዌ በዚያ ዘመን የድሃ አገር በሽታ ነው። ኖርዌይም ድሃ አገር ነበረች፤ ይኼን ስናነብ ትንሽ ይገርመናል። የምዕራብ ኖርዌይ ገበሬና ዓሣ አጥማጅ በጠባብ ቤት፣ በእርጥብ ልብስ ተጨናንቆ ነበር የሚኖረው። በበርገን ብቻ ሦስት የሥጋ ደዌ ሆስፒታሎች ነበሩ።

የሐንሰን አለቃ ዳንኤል ኮርኔሊየስ ዳንኤልሰን ይባላል። እሱና ቤክ የተባለ ባልደረባው በ1847 ስለ ሥጋ ደዌ ያሳተሙት መጽሐፍ በአውሮፓ ሁሉ የተከበረ ነበር። ዳንኤልሰን በሽታው በዘር የሚተላለፍ ነው ብሎ በጽኑ ያምናል። ከማመኑም የተነሣ ከታማሚ እባጭ የወሰደውን ነገር በራሱ ገላ ላይ ደጋግሞ ወግቷል፤ በሠራተኞቹም ላይ። ምንም አልሆኑም። ለእሱ ይህ በሽታው ተላላፊ ላለመሆኑ ማስረጃ ሆነለት። እኛም አገር በሽታው በዘር ይወርዳል የሚለው እምነት ስንት ጋብቻ እንዳፈረሰ የዘነበወርቅ ሽማግሌዎችን መጠየቅ ነው።

ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ሐንሰን ሥራ ሲጀምር ከማይክሮስኮፑ በፊት አንድ ነገር ተዘጋጅቶ ጠብቆታል፤ መዝገቡ። እ.ኤ.አ. በ1856 በንጉሥ ውሳኔ የኖርዌይ ብሔራዊ የሥጋ ደዌ መዝገብ ተቋቋመ። ሐሳቡን ያመጣው የመጀመሪያው የአገሪቱ የሥጋ ደዌ ዋና ሐኪም ኦቬ ጉልድበርግ ሆግ ነው። በዓለም ላይ ለአንድ በሽታ በአገር ደረጃ የታማሚዎችን ስም ይዞ የተከተለ የመጀመሪያው መዝገብ እንደሆነ ይነገርለታል። ከዚያ በፊት ቆጠራ ነበር። ቆጠራው ግን በዚህ ወረዳ ይህን ያህል አሉ ከማለት አያልፍም። አምና አሥር ዘንድሮ አሥር ከተባለ አንዱ ሞቶ ሌላ አዲስ ተተክቶ ይሁን፣ ወይስ እነዚያው አሥሩ ይሁኑ አይታወቅም። መዝገቡ ይኼን ለወጠው። የወረዳ ሐኪሙ እያንዳንዱን ታማሚ በስሙ፣ በጾታው፣ በተወለደበትና በሚኖርበት ቦታ፣ በሽታው በጀመረበት ጊዜና በዓይነቱ ይመዘግባል። በየዓመቱም ያንኑ ሰው ፈልጎ የደረሰበትን ይጽፋል፤ ሆስፒታል ገባ፣ ቦታ ቀየረ፣ ተሰደደ፣ ሞተ። ባለፈው ዓመት ዝርዝር ላይ የነበረ ሰው ዘንድሮ ከሌለ የት ገባ ተብሎ ይጠየቃል። በዚህ አሠራር በመጨረሻ ከ8 ሺህ በላይ ሰዎች ተመዝግበዋል።

እዚህ ላይ ሳነብ ቆምኩ። የኛ ኦዲት ቅጽ የቆጠራው ዓይነት ነበር። በዚህ ገጽ ላይ ስንት መስመር ሙሉ ነው ይላል እንጂ፣ ትናንት የነበረው ፕሬድኒሶሎን ዛሬ የት ገባ አይልም። የ1856ቱ የኖርዌይ የወረዳ ሐኪም በፈረስና በጀልባ እየዞረ የሚጠይቀውን ጥያቄ፣ እኛ አልጋ አጠገብ ቆመን ሁለት ገጽ አገላብጠን መጠየቅ አቃተን።

ሐንሰን መዝገቡን እንደ ቢሮ ወረቀት አላየውም። በሽታው የዘር ቢሆን ኖሮ በቤተሰብ ሐረግ መሄድ ነበረበት። እሱ ግን በየወረዳው እየተዘዋወረ ሲጠይቅ፣ አዲስ ታማሚዎች ከዘመድም ከባዕድም ቢሆን ከታማሚ ጋር አብረው የኖሩ፣ አብረው የተኙ መሆናቸውን አየ። እንግዲህ የሚተላለፍ ነገር አለ ማለት ነው። በ1870ና 71 በቦንና በቪየና የማይክሮስኮፕ ሥራ ተምሮ ተመለሰ። የዳርዊንን ሐሳብ ያገኘውም በዚያ ጉዞ ነው፤ በኋላ በአገሩ የዳርዊን ዋና አስተዋዋቂ ሆኗል፤ የዚያ ወሬ ግን ለሌላ ጊዜ ይሁን። በጥር 1873 የአለቃውን የዳንኤልሰንን ልጅ አገባ። አስቡት እንግዲህ፤ ቀን ላይ የአማቱን የዕድሜ ልክ እምነት የሚያፈርስ ማስረጃ ይፈልጋል፣ ማታ አብሮ ይበላል። የካቲት 28 ቀን 1873 ከታማሚ እባጭ በወሰደው ናሙና ውስጥ በትር የሚመስሉ ጥቃቅን ነገሮችን አየ። ቀኑን ጻፈው። በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ ሚስቱ በሳንባ ነቀርሳ ሞተችበት።

ግኝቱን በ1874 ለክርስቲያኒያ የሕክምና ማኅበር በጻፈው ዘገባ አቀረበው። አገኘሁት ብሎ አልፎከረም። የያንዳንዱን ታማሚ ታሪክ ዘርዝሮ፣ ያየውን ጽፎ፣ በእርግጠኝነት ለመናገር ገና መሆኑን አክሎ ተወው። የዘመኑ ቀለም ባክቴሪያውን በደንብ ስለማይዘው ያየውን ለሌላ ሰው ማሳየት ተቸግሮ ነበር። በ1879 አልበርት ናይሰር የሚባል ወጣት ጀርመናዊ ሐኪም ወደ በርገን መጣ። ሐንሰን በቸርነት ናሙና ሰጠው። ናይሰር ብሬስላው ተመልሶ በአዲሶቹ ቀለሞች ባክቴሪያውን አጥርቶ አሳየና የሥጋ ደዌን መንስኤ እኔ አገኘሁ ብሎ አሳተመ። ሐንሰንን ያዳነው ጓደኛ ወይም ማዕረግ አይደለም፤ የቀን ጽሑፉ ነው። በ1880 በእንግሊዝኛና በጀርመንኛ ጭምር የራሱን ጽሑፍ አውጥቶ፣ ከ1873 ጀምሮ ምን ቀን ምን እንዳየ አስረዳ። ዛሬ የቀዳሚነቱ ነገር አያከራክርም። ቻርት ላይ የተጀመረበት ቀን የሚለውን ሳጥን ባዶ የሚተው ሐኪም ባየሁ ቁጥር ይኼ ታሪክ ትዝ ይለኛል።

ሰውየውን እስከዚህ ድረስ ወደድኩት። ቀጥሎ ያለውን ያነበብኩት እንዲህ ከወደድኩት በኋላ ነው፤ ለመጻፍም ከሁሉ የከበደኝ እሱ ነው።

ሐንሰን ባክቴሪያውን በላቦራቶሪ ማሳደግ አልቻለም። ዛሬም በሰው ሠራሽ ምግብ ላይ ያሳደገው የለም። በእንስሳት ላይ ሞከረ፣ አልሆነም። ተላላፊ መሆኑን የሚያሳይ ማስረጃ ቸገረው። ኅዳር 3 ቀን 1879 በበርገን ሆስፒታል የምትኖር ካሪ ኒልስዳተር የተባለች ሴት ወደ ክፍሉ አስጠራ። ካሪ ዕድሜዋ 33 ነው፤ ሕመሟ ስሜት የሚያሳጣው ዓይነት ነበር። ሐንሰን እባጭ ከሚያወጣው ከሌላው ዓይነት ታማሚ የወሰደውን ነገር በመርፌ ዓይኗ ላይ ወጋት። አላስፈቀዳትም። ምን እንደሚያደርግም አልነገራትም። በኋላ ሲጠየቅ፣ ብነግራት እሺ እንደማትል ስላወቅሁ ነው የሚል መልስ ነው የሰጠው። ካሪ ግን ዝም አላለችም፤ አመመኝ፣ ያለፈቃዴ ተደረገብኝ ብላ ከሰሰች። ጉዳዩ በሆስፒታሉ ቄስ በኩል ወደ ባለሥልጣናት ደረሰ። በ1880 ግንቦት መጨረሻ የበርገን ፍርድ ቤት ጥፋተኛ ነው ብሎ ከሆስፒታል ሐኪምነቱ አነሳው፣ የክሱንም ወጪ አስከፈለው። አዲሱ ዓይነት በሽታ በዓይኗ ላይ አልያዘም። እሱ በዕድል ነው እንጂ በሐንሰን ጥንቃቄ አይደለም።

ብዙ የሕይወት ታሪኩ ጸሐፊዎች ይኼን በሁለት መስመር ያልፉታል። እኔ የምጠይቀው ሌላ ነው። የዚያ ዘመን መዝገብ የካሪን ስም፣ መንደር፣ የበሽታዋን ዓይነትና የጀመረበትን ዓመት ይይዛል። ተስማምታለች ወይ የሚል ሳጥን ግን አልነበረውም። ቅጽ ሲሠራ የማይጠየቅ ነገር፣ ሐኪሙም ሳይጠይቀው ቢቀር ብዙ አይገርምም። ሐንሰንን ነፃ ለማውጣት አይደለም ይህን የምለው፤ ሰውየው እምቢ እንደምትል ያውቅ ነበርና። ድሃ ናት፣ ታማሚ ናት፣ ሴት ናት፤ እንደዚያም ሆና በዚያ ዘመን አንድን ታዋቂ ሐኪም ፍርድ ቤት አቁማ ረታች። የሐንሰን ሐውልት በርገን አለ። የእሷ ይኑር አይኑር እንጃ። ዛሬ በዚያው በዘነበወርቅ ግቢ የአህሪና የአለርት የምርምር ሥነ ምግባር ገምጋሚ ኮሚቴ አለ። የሐንሰንን የ1879 ሐሳብ ዛሬ ይዞ የሚቀርብ ተመራማሪ፣ የሐንሰን ስም በተሰቀለበት ግቢ ውስጥ አይፈቀድለትም።

ፍርዱ ሙሉ በሙሉ አልጣለውም። ከ1875 ጀምሮ ይዞት የነበረው የአገሪቱ የሥጋ ደዌ ዋና ሐኪምነት ሥልጣን ሳይነካ ቀረ። ከታማሚ አልጋ ተነሥቶ ወደ መዝገቡ ተመለሰ ማለት ይቻላል። እውነትም ከዚያ በኋላ የሠራው ትልቁ ሥራ የመዝገብ ሥራ ነው። በየዓመቱ ከየወረዳው የሚመጣውን ቁጥር ያነጻጽራል፤ ብዙ ታማሚ ሆስፒታል በገባበት ወረዳ አዲስ ታማሚ ቶሎ መቀነሱን አሳየ። ይኼን ይዞ ለሕግ አውጪዎች ተሟገተ። በ1877 የወጣው ሕግ፣ ድሃ ታማሚዎችን ከአንድ እርሻ ወደ ሌላ እርሻ እያዞሩ የማኖርን የቆየ ልማድ አስቀረ። የ1885ቱ ሕግ ደግሞ ታማሚው በቤቱ የተለየ ክፍል እንዲኖረው፣ ያ ካልተቻለ ሆስፒታል እንዲገባ የሚያስገድድ ነበር። በ1875 ወደ 1,800 የሚጠጉ የታወቁ ታማሚዎች ነበሩ፤ በ1901 ወደ 575 ወረዱ።

ቁጥሩ ያምራል። ግን ከእያንዳንዱ ቁጥር ጀርባ ከልጆቹ የተለየ ሰው አለ። መነጠሉ ምን ያህሉን ለውጥ እንዳመጣ፣ የኑሮ መሻሻልና ወደ አሜሪካ የጎረፈው ስደት ምን ያህሉን እንዳመጡ እስከ ዛሬ ባለሙያዎች ይከራከራሉ። ሐንሰን ራሱ የስደተኞቹን ነገር ለማጣራት በ1888 አሜሪካ ድረስ ሄዷል። ከኖርዌይ ወደ ሚኒሶታና ዊስኮንሲን የተሰደዱትን ታማሚዎች ቤት ለቤት እየፈለገ ልጅና የልጅ ልጆቻቸውን አየ። በሽታው በልጆቻቸው አልተገኘም። የዘር ነው ለሚለው ሐሳብ ይኼ ከባድ ምት ነበር። ከመዝገብ የወጣን ሰው ውቅያኖስ ተሻግሮ መፈለግ! እኔ ከፎልደሩ ሥር አሮጌ ገጽ ማየት ደክሞኝ ነበር።

በ1909 ሁለተኛው ዓለም አቀፍ የሥጋ ደዌ ጉባኤ በከተማው በበርገን ሲደረግ በሊቀመንበርነት መራው። ልቡ ታምሞ ነበር፤ ጉዞውን ግን አላቆመም። የካቲት 12 ቀን 1912 በምዕራብ ኖርዌይ ለምርመራ ሥራ ሲዞር ፍሎሮ በምትባል ትንሽ ከተማ አረፈ። ዕድሜው 70 ነበር። መዝገቡ ከእሱ በኋላም ቀጠለ። በሽታው ከኖርዌይ ከጠፋ በኋላም ሌላ ሥራ ሠርቷል፤ ሎረንትስ ኢርገንስ የተባለ የበርገን ተመራማሪ በ1980 የድሮውን መዝገብ ተጠቅሞ የበሽታውን አካሄድ በዝርዝር አጥንቷል። በ2001 ደግሞ ዩኔስኮ የበርገንን የሥጋ ደዌ ሰነዶች በዓለም የመታሰቢያ ቅርስ መዝገብ አስገባቸው።

ስሙ ወደ ኮልፌ ቀራንዮ የመጣው ሰውየው ከሞተ ከግማሽ ምዕት ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ከጣሊያን ወረራ በፊት በተጀመረው በልዕልት ዘነበወርቅ ሆስፒታል ቦታ ላይ አለርት እ.ኤ.አ. በ1965 ተቋቋመ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ የኖርዌይና የስዊድን የሕፃናት አድን ድርጅቶች አጠገቡ የምርምር ተቋሙን ሲያቋቁሙ የሐንሰንን ስም ሰጡት። በዙሪያውም ታክመው ወደ አገራቸው መመለስ ያልቻሉ ሰዎች ከነቤተሰባቸው ሰፈሩ። የሰፈሬ ልጆች ግማሾቹ የነሱ የልጅ ልጆች ናቸው።

እዚህ ላይ ለኛ ለመድኃኒት ተማሪዎች የሚጠቅም አንድ ነገር አለ። በዚያ ዘመን ሥጋ ደዌ የሚታከመው ዳፕሶን በሚባል አንድ መድኃኒት ነበር፤ ለዓመታት፣ አንዳንዴም ለዕድሜ ልክ። በ1970ዎቹ በአለርት የተደረጉ ጥናቶች በአዲስ አበባና በአካባቢዋ ባክቴሪያው ዳፕሶንን መቋቋም መጀመሩን አሳዩ። መጠኑ አነስተኛ የነበረ፣ መድኃኒቱ እየተቋረጠ የተወሰደ ነበር። ለዚህ መልሱ በከፊል አዲስ መድኃኒት፣ በከፊል ደግሞ አዲስ ወረቀት ነው ብል አላጋነንኩም። የዓለም ጤና ድርጅት በ1981 ጥምር ሕክምናን መከረ፤ በኢትዮጵያም በ1983 ተጀመረ። በኋላ የመጣው ማሸጊያ የአንድ ወር መድኃኒት በቀን በቀን ከፋፍሎ የያዘ ነው። በወሩ የመጀመሪያ ቀን ሪፋምፒሲን 600 ሚሊግራም፣ ክሎፋዚሚን 300 እና ዳፕሶን 100 በጤና ሠራተኛ ፊት ይዋጣል። ከዚያ በየቀኑ ዳፕሶን 100ና ክሎፋዚሚን 50 በቤት ይወሰዳል። ታማሚው ማንበብ ባይችልም የተቀደደውንና ያልተቀደደውን ሳጥን ያያል። የተዘለለ ቀን ራሱ ይታያል። ለኔ ይኼ ማሸጊያ በታማሚው እጅ ያለ የመድኃኒት ቻርት ነው፤ የጠፋውን የሚያሳይ ቻርት። ከ1995 ወዲህ በነፃ ይታደላል። በሽታው ግን አልጠፋም፤ በቅርብ ዓመታትም በአገራችን በየዓመቱ ከሁለት ሺህ በላይ አዲስ ታማሚ ይመዘገባል።

ወደ ዋርዳችን ልመለስ። ከዚያ አደጋ በኋላ መምህራችን፣ የዋርዱ ሲስተሮችና ሁለት ሐኪሞች ተሰብስበው ቻርቱን እንደ አዲስ እንድንነድፈው ፈቀዱልን። ሌላው ዓለም ብዙ ሞክሮበታል፤ አውስትራሊያ በ2006 ለመንግሥት ሆስፒታሎች ሁሉ አንድ ዓይነት ቻርት አውጥታለች፤ ሐኪሙ ሆስፒታል ሲቀይር ቻርት እንደ አዲስ እንዳይማር። በኛም አገር በ2011 በደብረ ማርቆስ ሆስፒታል የተጀመረው የመድኃኒት ግብይትና አገልግሎት አሠራር የፋርማሲውን ሰነድ ለውጦታል። እሱ ግን በአብዛኛው የመድኃኒቱን ክምችትና የገንዘቡን መንገድ ይከተላል፤ የአልጋው ዳር ወረቀት ሌላ ነገር ነው። እኛ ያደረግነው ትንሽ ነው። ለአለርጂ ሳጥን የለም የሚል ምርጫ ጨመርን፣ ባዶ መተው አልተጠየቀም ማለት ስለሚመስል። ሚሊግራም የሚለውን ቀድመን አተምነው። ኢንሱሊን ላይ ዩኒት የሚለው ቃል ሙሉውን ታተመ፤ በአንድ ፊደል ብቻ ሲጻፍ ዜሮ መስሎ መጠኑን አሥር እጥፍ ሊያደርገው ይችላልና። ቀስ በቀስ ለሚቀነሱ መድኃኒቶች ቀንና መጠን የሚሞላበት ትንሽ ሠንጠረዥ ሠራን። የቆመ መድኃኒት በመስመር ተሰርዞ ቀን፣ ምክንያትና ፊርማ ይጠይቃል። እኔ አጥብቄ የተከራከርኩለት ሳጥን ግን ላይኛው ጠርዝ ላይ ያለው ነው፤ ከአሮጌው ገጽ የተላለፉ መድኃኒቶች ብዛት፣ የገለበጠው ፊርማ፣ የቆጠረችው ሲስተር ፊርማ። አንደኛው ሐኪም ወረቀት አበዛችሁብን ብለው ነበር። የእኚያን እናት ነገር ሲሰሙ ዝም አሉ።

ሁለተኛው ኦዲት ከአንድ ወር በኋላ ተደረገ። ስምና ፊርማ፣ የተጀመረበት ቀን በደንብ ተሻሻሉ። የአለርጂው ሳጥን ብዙም አልተሞላም፤ ክብደትም እንዲሁ፣ ምክንያቱም ዋርዱ ውስጥ የሚሠራ ሚዛን አልነበረም። ይኼን ቻርት አይፈታውም፤ ሚዛን ተጠየቀ። ሦስተኛው ዙር ላይ ኢንተርኖቹ ተቀይረው ስለነበር ፊርማው እንደገና ወረደ። ስለዚህ አዲስ ቡድን በገባ በመጀመሪያው ሳምንት ገለጻ እንዲደረግና ኦዲቱም እንዲደገም ተወሰነ። የኦዲት ቅጹን ራሱንም ቀየርነው፤ አሁን አሮጌውና አዲሱ ገጽ ጎን ለጎን ሳይነበቡ ነጥብ አይሰጥም። ሚዛኑ ባለፈው ሳምንት መጥቷል። አራተኛው ዙር ከፈተናችን በኋላ ስለሆነ፣ ከሁለተኛ ዓመት አብረውን መምጣት የሚፈልጉ ካሉ ስማቸውን ለክፍሉ ጸሐፊ ይስጡ።